ሁለት ቦታ የተነከሰው ዳቦ

ዲልባር፣

ሾርባሽ ምድጃው ላይ ነው። ጓዳ ግን እንዳትገቢ።

ከዱቄቱ በርሜል ጀርባ ያለው ስንጥቅ የግድግዳ ስንጥቅ አይደለም። ሐሙስ ስንጥቁ ውስጥ የወደቀብኝን ቢላ፣ ከዚያ በፊት ረቡዕ ዕለት ጓዳው ወለል ላይ አግኝቼው ነበር። በዚያው የገባችው ድመታችን ግን እስካሁን አልተመለሰችም። ብነግርሽ ቤቱን ጥለሽኝ ትሄጃለሽ ብዬ፣ ቁም ሣጥን አስጠግቼበት ዝም አልኩ።

ትናንት ሣጥኑን ገፍቼ ድስት አወጣሁ፤ ሣጥኑን ወደ ቦታው አልመለስኩትም።

ዛሬ አክስትሽ ሰሎማት ሊጠይቁሽ መጡ። "የኔ ልጅ፣ ለሻዩ የሚቀመስ የለም?" ሲሉኝ፣ "ጓዳ የኮክ ማርማላታ አለ፣ ይግቡ" ያልኳቸው እኔ ነኝ። አምፖሉን ቀይሪ ስልሽ ከርሜ ነበር፤ ይሁን፣ አሁን አይነሳም። "ኧረ ይሄ ጨለማ!" ሲሉ ሰማሁ፤ ከዚያ ድምፃቸው ጠፋ።

ልፈልጋቸው እየገባሁ ነው። መንገደኛ በሰላም እንዲመለስ ዳቦ ነክሶ ይሄዳል፣ የቀረው ሚስማር ላይ ተሰቅሎ እስኪመጣ ይጠብቀዋል። እሳቸው ሳይነክሱ ሄዱ። እኔ ነክሻለሁ፤ እሳቸውም እንዲነክሱ ዳቦውን ይዤላቸው እገባለሁ።

ባለፈው ሳምንት ጓዳ ወለል ላይ ያገኘሽው ደረቅ ዳቦ ትዝ ይልሻል? "ዳቦ መሬት ይጣላል? አታፍሪም!" ብለሽ የጮህሽብኝ? እኔ አይደለሁም ብዬ ማልኩልሽ። ሁለት ቦታ ተነክሶ ነበር።

ያን ዳቦ ለወፎች ካልሰጠሽው ሚስማሩ ላይ ስቀዪው።

ኦይጉል