ነብር ፊት ማስነጠሴ

አንቺ ጉደኛ፣ እንዴት ከረምሽ? ዛሬ አስጎብኚያችን «ትንፍሽ እንዳትሉ!» ብሎ ወንዙ ዳር ጥሻ ውስጥ አስቀመጠን። ከመጣን ጀምሮ ዱካዋን ብቻ ስናይ የከረምናት ነብር ልጇን አስከትላ ውሃ ልትጠጣ ብቅ አለች። ይሄኔ አስነጠሰኝ! ነብሯ ገልመጥ አድርጋኝ መጠጣቷን ቀጠለች። አብረውኝ የሚጎበኙት ሰዎች ግን ባንድ አፍ «ይማርሽ!» አሉ፤ ከሁሉም የጮኸው ራሱ አስጎብኚው ነው። እኔም አላርፍ ብዬ «ያኑራችሁ!» አልኩ። ከዚያማ ምን ነብር አለ! እስካሁን ሆዳችንን ይዘን እየሳቅን ነው።

እኛ ልብስ ስፌት ቤት ብናኙ ቀኑን ሙሉ ሲያስነጥሰኝ ከስፌት መኪናሽ ቀና ብለሽ አንድ ቀን «ይማርሽ» ብለሽኝ አታውቂም።

ፖስት ካርዱ ሞላብኝ፤ እማማን ጉልበታቸውን ሳሚልኝ፣ ልጆቹንም ጉንጫቸውን። ለከርሞ አንቺን ይዤ ነው የምመጣው፤ ነብር የሚታየው እንዳንቺ ካለች ደረቅ ጋር ነው!