ባልደረቀ ወለል ላይ የተመታ ማኅተም

ለተከበሩ አቶ ኤክሃርት ሹልተ
የከተማችን የኪራይ ቤቶች ጥገና ጽሕፈት ቤት ኃላፊ

ክቡር ሆይ፤ ከሃርትስ ተራሮች የሚወርደው ብርድ ጤናዎን እንዳልነካው፣ የቢሮዎም ወለል ደረቅ እንደሆነ ተስፋ አደርጋለሁ።

ባለቤቴ ጌርኖት ቪጋንድ አርባ ዓመት ሙሉ በሰው ቤት ሊሾ ሲያፈስ የኖረ ሰው ነበር። ባለፈው መስከረም ግማሽ አካሉ አልታዘዝ ስላለው ወደ ቤት የሚመለሰው በተሽከርካሪ ወንበር ብቻ ነበርና፣ ወጣ ገባ የሆነውን የመኝታ ክፍላችንን ወለል ለማስተካከል ስለፈቀዱ ዛሬም አመሰግናለሁ። ጌርኖት በሆስፒታል አልጋው ላይ ሆኖ የመረጠው የካልሲየም ሰልፌት ሊሾን፣ ማለትም የአገራችንን የጄሶ ሊሾ ነው፤ ራሱ ፈስሶ ራሱ ይስተካከላል፣ ጠርዙም አይነሳም። ጠላቱ ውሃ ብቻ ነው። ጌርኖት በተኮላተፈ አንደበቱ "ሁለት ቀን መስኮት እንዳትከፍቺ፤ ከዚያ ወዲያ ግን እንዳትዘጊ" ብሎኝ ነበር።

ቅሬታዎቼ የሚከተሉት ናቸው።

1. ሊሾውን የሚያፈሰው ፓምፕ ዘግይቶ በመምጣቱ ሊሾው የፈሰሰው ከዕቅዱ ሦስት ሳምንት ዘግይቶ ነው። ወለሉ የሚደርቅባቸው ቀናት በሚቆጠሩበት ቅጽ ላይ ግን የዕቅዱ ቀን እንዳለ ስለቀረ፣ ወለላችን ገና ሳይፈስ ሦስት ሳምንት ደርቆ ተገኝቷል። ለዚህ ቅልጥፍና አድናቆቴ ይድረስዎ።

2. የሕንፃው ኃላፊ ወይዘሮ ሩል፣ በብርድ ወራት መስኮት በቀን ሁለት ጊዜ ለአሥር አሥር ደቂቃ ብቻ ይከፈት የሚለውን ደንብዎን በታማኝነት አስከብረዋል። ሊሾው መድረቅ አለበት ብላቸው "ምነው ወይዘሮ ቪጋንድ፣ ማሞቂያው ለወፎቹ ነው እንዴ?" ብለው ዘጉት።

3. እርጥበቱ እንዲለካ ለምኜ ነበር። ለመለካት ከወለሉ ጥቂት ፈልፍሎ መፍጨት ያስፈልጋል፤ ባለሙያዎ ግን "ፈርመን የተረከብነውን ሥራ እንዴት እንቆፍራለን?" ሲሉ በትዕግሥት አስረዱኝ። ስለዚህ ሳይለካ ማኅተም ተመታበት፤ የፕላስቲክ ምንጣፉም ተለጠፈበት።

በተለጠፈ በሦስተኛው ሳምንት ምንጣፉ አበጠ። ከሥሩ ያለው ሊሾ እንደ ረጠበ ዳቦ በጣት ይወጋ ነበር። ጌርኖት ወደ ቤት ሊመጣ አራት ቀን ሲቀረው ወለሉ ተፈንቅሎ ተጣለ።

ስነግረው አልተቆጣም። "ለክተውት ነበር?" ብቻ አለኝ። እንዳይናደድብኝ ብዬ "አዎ፣ ለክተውታል" አልኩት። "እንግዲያው ጥፋቱ የምርጫዬ ነው" አለ። ሁለተኛው ሊሾ ፈስሶ በአራተኛው ሳምንት፣ ይህንኑ እንዳመነ እዚያው አልጋ ላይ አረፈ።

4. የጽሕፈት ቤትዎ መዝገብም የብልሽቱን ምክንያት "የቁስ ምርጫ ስህተት" ይለዋል። የእኔን ውሸት ጌርኖት ዘንድ ማረም አልችልም። እርስዎ ግን የእርስዎን ማረም ይችላሉና፣ "እርጥበቱ አልተለካም" የሚሉ ሁለት ቃላት፣ ካስቸገረም ሁለተኛውን ቃል ብቻ፣ እንዲያስጽፉልኝ በትሕትና እጠይቃለሁ።

ለጥ ባለ፣ በደረቀና በተለካ ወለል ላይ ቆሜ፣ ከማይጓደል አክብሮት ጋር
ኢርምጋርድ ቪጋንድ

ማስታወሻ፦ በላኩልኝ ቅጽ ተከራዩ ጌርኖት ወለሉን በአካል ተገኝቶ እንዲረከብ ጠይቀዋል። በአካል የተገኘው ተሽከርካሪ ወንበሩ ብቻ ነው፤ ከበሩ እስከ መስኮቱ አንድም ቦታ ሳይንገጫገጭ ሄዷል። መስኮቱ ከጠዋት ጀምሮ ክፍት ነው፤ ለወይዘሮ ሩል ይንገሩልኝ።