ቲሆሚር ሪሞት ሲያስጠናኝ

ለምወድሽ እህቴ ለራዶይካ፣

የቪየና ኑሮ እንዴት ይዞሻል? ልጆቹስ ጠነከሩልሽ? እኛ ክራጉየቫች ያለነው፣ ፈጣሪ ይመስገን፣ አለን። ፕሪሙም ዘንድሮ ቅርንጫፉን እስኪሰብር አፍርቷል።

ባሌ ቲሆሚር የሠራውን ልንገርሽ። ትንሽ ሳጥን ገዝቶ ከቴሌቪዥኑ ጋር አገናኘና የሠላሳ ዓመት ካሴታችንን በሙሉ ሃርድ ዲስክ ላይ ገለበጠ። ሠርጋችን አለ፣ የቅዱስ ኒቆላ ዝክራችን በየዓመቱ አለ፤ አንቺ ዓሣውን ያሳረርሽበት እንኳ አልቀረም! ከቤልግሬድ ሐኪም ቤት በተመለሰ ማግስት ጀምሮ በሁለት ሳምንት ጨረሰው። "ምን አስቸኮለህ?" ብለው፣ "ሥራ ፈትቼ ነዋ" አለኝ። እስከ ዛሬ እሱ በአባወራነቱ ከቄሱ ጋር ይዞ የሚያዞረውን የዝክሩን ዳቦም ዘንድሮ የሚያዞረው ልጃችን ነው አለ፤ "ይልመደው" ብሎ።

ሪሞት አስነክቶኝ የማያውቅ ሰው አሁን በየጠዋቱ ያስጠናኛል።

"መጀመሪያ ሳጥኑን አብሪ። ከዚያ ቴሌቪዥኑን። ከዚያ ሁለተኛውን መስመር ምረጪ።"

"አንተ እያለህ እኔ ምን አደከመኝ?"

"አንቺ ሴትዮ፣ ዝም ብለሽ ተጫኚ!"

ላንቺ ብቻ ልንገርሽ፤ ከገባኝ ሰንብቷል። ዓይኔን ጨፍኜም እከፍተዋለሁ። ግን ሁልጊዜ መጨረሻ ላይ ሆን ብዬ የማይሆነውን ቁልፍ እጫናለሁ። እሱም ይስቅና፣ "አይ ሚሉንካ፣ አንቺማ ገና ነሽ! ነገ ከመጀመሪያው እንጀምራለን" ይለኛል።

"እሺ፣ ነገ" እለዋለሁ።

ልጆቹን በየጉንጫቸው ሳሚልኝ። ለዝክሩ እመጣለሁ ብለሽ ነበር። ታኅሣሥን አትጠብቂ፣ እህቴ፤ ፕሪሙ ሳያልቅ ነይ።

ናፋቂሽ ሚሉንካ