ማንኩሳና ቡሬ የተቀናኑባቸው መምህር ናሁሰናይ ወልደ ዮሐንስ

ከማንኩሳ ከተማ የአንድ ሰዓት የእግር መንገድ ርቃ በምትገኘው በዝግባ ኪዳነ ምሕረት፣ ከደብሩ አገልጋይ ከቄስ ወልደ ዮሐንስ ተሰማና ከወይዘሮ እንቁ ዓለሙ ጎጆ መጋቢት 27 ቀን 1949 ዓ.ም. የበኵር ልጅ ተወለዱ፤ ስማቸውም ናሁሰናይ ተባለ። ሁለት ዓመት ቆይቶ ይህን የሕይወት ታሪክ የሚጽፈው ስመኘው ተወለደ። ዛሬ የተሰበሰብነው ስለ እርሱ ለማውራት አይደለም። ይሁንና የመምህር ናሁሰናይ ታሪክ የወንድማቸው ቅናት ካልገባበት ጎደሎ ይሆናልና፣ አልፎ አልፎ ብቅ ሲል ሰሚዎች ይታገሡት።

ሁለቱ ወንድማማቾች ፊደልና ዳዊት ከአባታቸው ተማሩ፤ ቅኔም አብረው ቆጠሩ። እውነቱን ለመናገር ቅኔው ይሰምርለት የነበረው ለስመኘው ነው፤ ይህን መምህራቸውም ያውቁ ነበር፣ ናሁሰናይም አይክዱትም ነበር። በ1960 ዓ.ም. ግን አባታቸው ከሁለቱ አንዱ ዘመናዊ ትምህርት ቤት እንዲገባ፣ አንዱ ደግሞ ሞፈርና ቀንበር እንዲያነሣ ወሰኑ። ዕጣ አልተጣለም፤ በኵሩ ወደ ትምህርት ቤት፣ ታናሹ ወደ እርሻ ሄደ። እናታቸው ወይዘሮ እንቁ በየሳምንቱ ስንቅ ተሸክመው ማንኩሳ፣ ኋላም ፍኖተ ሰላም ድረስ በእግራቸው ይመላለሱ ጀመር። ለስመኘው ስንቅ የተሸከመለት የለም፤ ምሳው ከቤቱ ነዋ። ያን ጊዜ የገባበት ነገር ግን ዕድሜ ልኩን አልወጣለትም።

መምህር ናሁሰናይ የሁለተኛ ደረጃ ትምህርታቸውን በፍኖተ ሰላም አጠናቀው በ1970 ዓ.ም. በመምህርነት ተመረቁ። በልዩ ልዩ አውራጃዎች ሲያስተምሩ ቆይተው በክረምት ትምህርት በታሪክ የመጀመሪያ ዲግሪያቸውን አገኙ። በ1980 ዓ.ም. የቡሬዋን ተወላጅ ወይዘሮ አምለሰት ክንዱን በሥርዓተ ተክሊል አግብተው ምሕረትንና ጌታሁንን ወለዱ። በሠርጉ ዕለት የዝግባ ሰው በደስታ ጨፈረ። ስመኘው ግን ቡሬ ወንድሙን እንደወሰደችበት ቆጥሮ ከዳሱ ጥግ ተቀምጦ ዋለ።

ከመንግሥት ለውጡ በኋላ በ1984 ዓ.ም. ወደ ፍኖተ ሰላም ተዛውረው መጡ። የዝግባ ዘመዶች ቀረቡልን ብለው ሳይጨርሱ፣ በ1986 ዓ.ም. ባለቤታቸው ወዳሉበት ወደ ቡሬ ተሻገሩ። እስከ መጨረሻው ያስተማሩትም እዚያ ነው።

መምህሩን ያወቀ ሁሉ ሰባቱን መንግሥታት ያውቃል። በፍኖተ ሰላም ሳሉ ከአንድ የመጻሕፍት ማስቀመጫ ክፍል ልባሱ የተገነጠለ የእንግሊዝ አገር ጥንታዊ ታሪክ አገኙ፤ ከዚያ ወዲህ ያ መጽሐፍ ከእጃቸው አልተለየም። ከባሕር ማዶ የመጡ አንግሎች፣ ሳክሶኖችና ጁቶች የሚባሉ ነገዶች፣ በአንዲት ደሴት ላይ ሰባት ያህል መንግሥት አቁመው ለመቶዎች ዓመታት እንዴት እንደተዋጉ ያስተምሩ ነበር። ኖርተምብሪያ፣ መርሲያ፣ ኬንት፣ ዌሴክስ የሚሉትን ስሞች የእርሳቸው ተማሪ እንደ ውዳሴ ማርያም በቃሉ ያወጣቸዋል።

ከሽንዲ፣ ከጅጋ፣ ከማንኩሳና ከቡሬ የመጡት ተማሪዎች በክፍል ውስጥ እንደየመጡበት ተለይተው ይቀመጡ ነበር። መምህሩ አልገሠጿቸውም። ለያንዳንዱ ወገን አንድ መንግሥት ሰጡት፤ የሽንዲ ልጆች መርሲያ ሆኑ፣ የጅጋዎቹ ኬንት፣ የማንኩሳዎቹ ኖርተምብሪያ። ዌሴክስ በመጨረሻ እንደሚያሸንፍ መጽሐፉ ስለሚናገር ሁሉም እርሱን ተመኘ፤ ለቡሬ ልጆች ሲደርስም ሌላው አኮረፈ። በኳስ ሜዳ ሳይቀር መርሲያ ዌሴክስን ሁለት ለባዶ አሸነፈ ተብሎ ሰንብቷል። መምህሩ ግን ዓመቱ ሊያልቅ ሲል የቡሬዎቹን ደስታ ቀነስ ያደርጉት ነበር። ዌሴክሶች ሳክሶን ነበሩ፤ አገሩ አንድ ሲሆን ግን እንግሊዝ የሚለው መጠሪያው ከጎረቤቶቻቸው ከአንግሎች ተወሰደ። አሸናፊ በሌላው ስም የተጠራው ለምን ይመስላችኋል ብለው ጠይቀው፣ መልሱን ሳይነግሩ ደወል ይደወል ነበር።

ዘመኑ በየስብሰባው፣ በየመታወቂያው ብሔርህ ማነው የሚባልበት ነበር። መምህር ናሁሰናይ በስብሰባ ላይ ብዙ አይናገሩም። በክፍላቸው ግን፣ የኬንት ገበሬ እንግሊዝ ነኝ ብሎ እንዳልተወለደ፣ አንድ ንጉሥ ሳይኖራቸው በፊት ጾማቸውና ፋሲካቸው አንድ ሆኖ፣ ጳጳሳቱ በአንድ ጉባኤ ተቀምጠው፣ ሕዝቡ ቀስ በቀስ አንድ ስም እንደለመደ ያስረዱ ነበር። የካቲት 16 ቀን ለኪዳነ ምሕረት ንግሥ ወደ ዝግባ ሲመጡም ይህንኑ ለሽማግሌዎቹ ያወጉ ነበር። ሽማግሌዎቹም መርሲያ የማን ታቦት ነበራት ብለው አጥብቀው ይጠይቋቸዋል። ስመኘው ከጎን ሆኖ ጠላ እየቀዳ፣ ለኬንት ገበሬ ይህን ያህል የሚጨነቅ ወንድም ለዝግባው ገበሬ መቼ ነው የሚጨነቀው እያለ በሆዱ ያጉረመርም ነበር።

ከሁሉ አብልጠው የሚወዱት የኦስዋልድን ታሪክ ነው። ኦስዋልድ የኖርተምብሪያ ንጉሥ ሲሆን ከመርሲያዎች ጋር ሲዋጋ ወደቀ። ከዓመታት በኋላ ለመርሲያ ንጉሥ የተዳረችው የወንድሙ ልጅ ዐፅሙን በሊንዚ አውራጃ ወዳለ ገዳም አስመጣች። መነኮሳቱ ቅድስናውን ያውቃሉ፤ ግን የሌላ አገር ሰው ሆኖ ገዝቶናል ብለው ቂም ይዘው በር ዘጉበት። ዐፅሙ ከነሠረገላው ደጅ አደረ። ሌሊቱን በላዩ የብርሃን ዓምድ ቆሞ ታየ ይላል ታሪኩ፤ ሲነጋ መነኮሳቱ ራሳቸው ለምነው አስገቡት። መምህሩ ይህን ተርከው ሲጨርሱ ሁልጊዜ የሚሏት ነገር ነበረቻቸው። ሰው በባዕድ ሬሳ አይጣላም፤ በአንድ ሙት መቀናናት ከጀመራችሁ ተዛምዳችኋል ይሉ ነበር።

ግንቦት 11 ቀን 1990 ዓ.ም. ወይዘሮ እንቁ ዓለሙ ጎሕ ሲቀድ ዐረፉ። ቀብራቸው በዚያው ቀን ዘጠኝ ሰዓት ላይ ሲፈጸም የበኵር ልጃቸው አልነበሩም። መምህር ናሁሰናይ የደረሱት ሰው ከቀብር ተመልሶ እጁን ታጥቦ እህል ከቀመሰ በኋላ ነው። ስመኘው ለለቀስተኛው፣ መልእክተኛ ማልዶ እንደተላከ፣ ወንድሙ ግን ተማሪ እፈትናለሁ ብሎ እንደቀረ ተናገረ። የዝግባ ሰው ብዙ ነገር ይቅር ይላል፤ እናቱን ያልቀበረ ልጅ ግን ይከብደዋል። መምህሩ ሰልስቱን ተቀምጠው፣ የእናታቸውን ተዝካር አውጥተው፣ በየዓመቱ ንግሥ እየመጡ ሳለ ሰላምታው ቀዘቀዘባቸው። ወጋቸውን የሚሰማ ጠፋ። አንድም ቀን ራሳቸውን ሲከላከሉ የሰማቸው የለም።

በ2002 ዓ.ም. ክረምት መምህር ናሁሰናይ በኩላሊት ሕመም ወደቁ። በአገር ውስጥ ልዩ ልዩ ሆስፒታሎች ሲታከሙ ቆይተው ወደ ቡሬ ቤታቸው ተመለሱ። ስመኘው በጥቅምት ወር ሊጠይቃቸው መጣና አልጋቸው አጠገብ ተቀመጠ። አንድ የሚናገረው ነገር ይዞ ነበር። ቀድመው የተናገሩት ሕመምተኛው ናቸው።

«ተስፋውን እኮ እናታችን ባረፈች ሰሞን ጅጋ ገበያ አግኝቸው ነበር» አሉት። «ስመኘው ከቀትር በኋላ ሂድ ብሎኝ ነው ብሎ ነግሮኛል።»

ተስፋው ያን ጊዜ የተላከው መልእክተኛ ነው። ነገሩም እንደተባለው ነው። ስመኘው እናቱ ባረፈች ሰዓት ለተስፋው መጀመሪያ ከብቱን ውኃ አጠጣ፣ ቀጥለህ መቃብር ቆፋሪዎቹን አግዝ፣ ከዚያ ትሄዳለህ አለው። አልዘነጋውም፤ አውቆ ነው። መምህሩ ቢደርሱ ሬሳው ፊት የሚቆሙት እርሳቸው፣ ሰው የሚያጽናናውም እርሳቸውን ይሆን ነበር። ስመኘው ለአንድ ቀን ብቸኛ ልጅ መሆን ፈለገ። ኋላም ያንን ለመሸፈን ፈተናውን ፈጠረ።

«ታዲያ አሥራ ሁለት ዓመት ሙሉ ሲያሙህ ለምን ዝም አልህ?» አለ ስመኘው።

«ያን ሁሉ ዘመን ስንቅ ተሸክማ እኔን ስትከተል ኖረች» አሉት። «አንድ ቀን እንኳ ያንተ ብቻ ትሁን ብየ ነው።»

ቀጥለው አንድ ነገር ብቻ ለመኑት፤ ዝግባ ከእናታቸው እግር ሥር እንዲያስቀብራቸው። ስመኘው ቃል ገባ። በዚያች ሰዓትም እንኳ፣ ይቅር ማለትንም ከእርሱ ቀድመው ስለወሰዱበት ቅናት ቢጤ እንደተሰማው አይደብቅም።

መምህር ናሁሰናይ ኅዳር 15 ቀን 2003 ዓ.ም. በተወለዱ በ53 ዓመታቸው ከዚህ ዓለም ድካም ዐረፉ። ያን ዕለት የሚያሳፍርም የሚያኮራም ነገር ሆነ። የቡሬ ዕድር ማንንም ሳይጠይቅ በከተማው ቤተ ክርስቲያን መቃብር ቆፈረ። ስመኘውም ማንንም ሳይጠይቅ በዝግባ ከእናቱ ግርጌ አስቆፈረ። ለአንድ ሰው ሁለት ጉድጓድ ሲቆፈር በአገሩ ታይቶ አይታወቅም፤ የተቆፈረ ጉድጓድ ባዶውን አይቀርም ስለሚባልም ብዙ ሰው ደነገጠ። የቀድሞ ተማሪዎቻቸውም ጎራ ለዩ፤ ኖርተምብሪያ በአንድ ወገን፣ ዌሴክስ በሌላ ወገን።

ወይዘሮ አምለሰት ሃያ ሦስት ዓመት አብረው የኖሩትን፣ ያስታመሙትን ባል ለሟች አማታቸው አሳልፈው መስጠት አንገበገባቸው። በሕይወታቸው ከዝግባ ጋር ስካፈላቸው ኖሬ በሞታቸውም ልካፈል ወይ ብለው አለቀሱ። የኋላ ኋላ ግን የባላቸውን ቃል አከበሩ፤ አንድ ነገር ብቻ አጥብቀው ያዙ። የዝግባ ሰው በክብር የሚቀበላቸው ከሆነ ይሂዱ፣ ፊት የሚነሣቸው ከሆነ ግን ከቡሬ አይነቃነቁም።

የዝግባ ሽማግሌዎች ከደብሩ አለቃ ከአለቃ ክንፈሚካኤል ጋር ዛሬ ጠዋት ቡሬ ደርሰው እዚሁ ድንኳን ውስጥ ተቀምጠዋል። ይዘው የመጡት ቃል፣ እናቱን ያልቀበረ ከእናቱ እግር ሥር አይተኛም የሚል ነው። ስመኘው ትናንት ማምሻውን ይህን ወረቀት ጽፎ ለወንድሙ ልጅ ለምሕረት ሰጣት። እርሷም በኮምፒውተር ስትተይብ ስለ ተስፋው የሚናገረው ላይ ስትደርስ ቆመች። ጋሼ፣ ይህን እንዝለለው፤ ለሽማግሌዎቹ በጆሯቸው ይነገራቸው አለችው። ስመኘው እምቢ አለ። ሐሜቱ በአደባባይ ነበርና እውነቱም በአደባባይ መውጣት አለበት ብሎ፣ የዛሬ ጠዋቱን ጨምሮበት እንዳለ አሳተመው።

መምህር ናሁሰናይ ባለትዳርና የአንዲት ሴትና የአንድ ወንድ ልጅ አባት ነበሩ። ያስተማሯቸውን ልጆች የቆጠረ የለም፤ ዛሬ ግን ከሽንዲ፣ ከጅጋ፣ ከፍኖተ ሰላምና ከማንኩሳ መጥተው ድንኳኑ አልበቃቸው ብሎ ውጭ ቆመዋል። ባለቤታቸው ወይዘሮ አምለሰት ክንዱ፣ ልጆቻቸው ምሕረትና ጌታሁን በኀዘን ተቀምጠዋል። ከሁሉ በኋላ ስመኘው ወልደ ዮሐንስ አለ።

እንግዲህ አለቃ ክንፈሚካኤልና የዝግባ አባቶች ሰምታችኋል። መምህር ናሁሰናይ እናታቸውን ያልቀበሩት ወንድማቸው ስለ ከለከላቸው ነው። በዚህ ምክንያት ከደብሩ በር ውጭ መቅረት ያለበት ሰው ካለ፣ እርሱ እዚህ አልጋው አጠገብ በእግሩ ቆሟል፤ በአልጋው ላይ ያሉት አይደሉም።

የሰውን በደል በሆዳቸው ይዘው የኖሩትን የአገልጋዩን የናሁሰናይን ነፍስ አምላከ ቅዱሳን በደሏን ሳይቈጥር ይቀበልልን። ለወይዘሮ አምለሰትና ለልጆቻቸው መጽናናቱን ይላክላቸው። ለታናሽ ወንድማቸውም ወንድሙን ያለ ቅናት የሚያለቅስበት ዕድሜ ይስጠው። አሜን።