የወንድምሽ አወዳደቅ

ለቁንጫዬ፣

እንደምን ሰነበትሽ? አያትሽን ብትረሺውም እሱ አልረሳሽም። ባልሽስ እንዴት ነው? ቦርጩ ቀነሰ ወይስ እንደ ሦስተኛ ልጅ እያሳደገው ነው? ልጆቹስ ደህና ናቸው? እኔ ከጉልበቴ፣ ከጆሮዬና ከጥርሴ በቀር ጤናዬ አይታማም።

በስልክ ያልነገርኩሽ ነገር አለ። ቁጭ ብለሽ አንብቢው።

ሥራዬን ታውቂዋለሽ፤ ያልነካውን ቡጢ እንደነካ አድርጎ በፊልም መቅረጽ ነው። ካሜራዬን ከሚመታው ሰው ትከሻ ኋላ አቆመዋለሁ፤ ቡጢው ከተመቺው አገጭ አንድ ስንዝር ርቆ ያልፋል፣ ተመልካቹ ግን ጥርስ የረገፈ ይመስለዋል። በተዋናዮቹ ፋንታ የሚወድቀውን ወንድምሽን ደግሞ ሁሌ በእግሩ ስለሚያርፍ "ድመቱ" ይሉታል። አባባ ካልቀረጸኝ አልወድቅም የሚል ጉረኛ!

ባለፈው ሳምንት ከፎቅ በረንዳ ተገፍትሮ የሚወድቅበትን ትዕይንት ስንሠራ፣ ከሥር ባዶ ካርቶን ተደርድሮለት ነበር። ካሜራውን ወደ መሬት አስጠግቼ ሳይ የካርቶኑ ጫፍ ይታየኛል። "ካሜራውን ከፍ ላድርገው" አልኩ። እሱ ከላይ ሆኖ "አባባ፣ እንዳትነካው! እንዲያ ነው የሚያምረው። አንዱን ረድፍ አንሱት፣ እኔ በቀረው ላይ አርፋለሁ" ብሎ ጮኸ። ዳይሬክተሩም "እሱ ካለ" ብሎ አስነሳው።

ወደቀ። በእኛ ሥራ የወደቀ ሰው "በቃ" እስኪባል አይነቃነቅም። "በቃ" አልኩ። አልተነሳም። "ተነስ አንተ ሰነፍ፣ ለሬሳ ደመወዝ የለም" ብዬ ቀለድኩ፤ ሁሉም ሳቀ። ሳቁን ቀድሞ ያቆመው የገፈተረው ተዋናይ ነው።

ሐኪሙ ከእንግዲህ አይራመድም አለን። ለእሱ መንገሩን እናትሽ "አንተ ቀልደኛ ነህ፣ ታውቅበታለህ" ብላ እኔ ላይ ጣለችው። የምን ማወቅ! በገባሁ ቁጥር የነርሷን ቁጣ አውርቼለት ሳልነግረው እወጣለሁ።

ትናንት "አወዳደቄን አሳየኝ" አለኝ። እምቢ ብል ይነቃብኛል ብዬ አሳየሁት። "መልሰው" አለ። መለስኩት። ካርቶኑ በተነሳበት በኩል ወገቡ የሲሚንቶውን ወለል ጠርዝ ሲመታ "እዚህ ጋ አቁመው" አለ። ከዚያ ወደ እኔ ዞሮ፣ "አባባ፣ እንዲህ ወድቆ የተነሳ አይቼ አላውቅም። አልነሳም አይደል?" አለኝ። የሚያስቅ ነገር ፈለግሁ፤ አጣሁ። "አትነሳም፣ ልጄ" አልኩት።

ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። እንደዞረ "ለእህቴ ጻፍላት፤ በስልክ ስታለቅስ መስማት አልችልም። እንዳትመጣ በላት፤ እንዲህ ሆኜ እንድታየኝ አልፈልግም" አለኝ።

ይኸው አልኩሽ። አሁን ደግሞ የእኔን ስሚ፤ ነይ። ቢሰድብሽም ቻዪው። ዛሬ ነርሷን ለምኜ አልጋውን ከግድግዳው አራቅነው። ፊቱን ወደየትም ቢያዞር ለአንቺ ወንበር የሚሆን ቦታ አለ።

ለባልሽ ሰላምታዬን አድርሺልኝ፤ ልጆቹን ጥቂት ቀን ብቻውን ቢይዝ አይሞትም በይው። ትልቋን ግንባሯን፣ ትንሹን ጉንጩን ሳሚልኝ፤ ቢነክስሽም ሳሚው። እናትሽም ትስምሻለች።

አባባ
ከወንድምሽ አልጋ አጠገብ፣ ማክሰኞ ጠዋት