ያለ አፍንጫ ሻምፓኝ ደርሶ መልስ

ረቡዕ

ብዕሩን የያዘችው ዘሀራ ናት፤ ቃሉ የኔ የካሳዬ ነው። ዘሀራ ፊት ለፊት ካለው በር የምትኖር ጎረቤቴ ናት። የአስመራ ልጅ፣ ሙስሊም፣ አማርኛ በንጉሡ ጊዜ ተማሪ ቤት የተማረች። እኔ ፊደል አልቆጠርኩም። አላፍርበትም። እስከ ዛሬ ያታለሉኝ ሰዎች ሁሉ በአፋቸው ነው ያታለሉኝ፤ በጽሑፍ አንድም ሰው አልቻለኝም።

ደብተሩን ያዘዘው ሐኪሜ ነው። «በየቀኑ ምን እንደሸተተህ አስጽፍ፣ አንድ ቀን እንዳትዘል» አለኝ።

የዛሬ ሽታ፦ ምንም።

ምክንያቱም ይጻፍ። ባለፈው የበረዶ ወራት የያዘኝ ጉንፋን ሲሄድ አፍንጫዬን ይዞት ሄደ። ምላሴንም ግማሹን። ጨውና ስኳር እለያለሁ፣ ሌላው ሁሉ ወረቀት ነው። ከሐኪሜ በቀር ለማንም አልነገርኩም። ዘሀራም ያወቀችው ሽንኩርት አሳርሬ ነው። ድስቱ ከሰል ሆኗል፣ እኔ ማዶ ክፍል ሬዲዮ እሰማለሁ። የጢስ ደወሉን ባትሪ በርበሬ ስቆላ ስለሚጮህብኝ እኔው አውጥቼዋለሁ። በሩን ደብድባ ገባች። «አቶ ካሳዬ፣ ሊሞቱ ነው እንዴ?» «ምን ሆነ?» አልኳት። ያን ጊዜ ገባት። በእምነቷ አስማልኳት።

ለምን ይደበቃል? እኔ ጠጅ ጣይ ነኝ። አገሬ ሳለሁ ጠጅ ቤት ነበረኝ። እዚህ ኦስሎ የትምህርት ቤት ወለል ስጠርግ ኖሬ ጡረታ ወጣሁ፤ ግን በዚህ ከተማ ሐበሻ ሲዳር ጠጁ የኔ ነው። አሁንም መታጠቢያ ቤቴ ውስጥ፣ ወለሉ ስለሚሞቅ፣ በብርድ ልብስ የጠቀለልኩት በርሜል ቆሟል። ለክርስትና ልጄ ለዳዊት ሠርግ ነው። ሠርጉ በሚመጣው ሳምንት ቅዳሜ። ጌሾውን ግሮንላንድ ከሚባለው የኦስሎ ሰፈር ገዝቼ ጨምሬበታለሁ። ቶሎ ከወጣ ማርና ውሃ ሆኖ ይቀራል፣ ከልኩ በላይ ከቆየ ይመራል። ቀኑን የሚነግረኝ አፍንጫዬ ነበር። አሁን በጣቴ ነው የምቆጥረው፣ እንደ መድኃኒት። በኔ ቆጠራ የሚወጣው የሚመጣው ረቡዕ ነው። ልክ ይሁን አይሁን አላውቅም። ይህን የምታውቅ ዘሀራ ብቻ ናት።

ሌላ ሰው ቀምሶ ይንገርህ እንዳትሉኝ። ከጣዩ በፊት ማንም አይቀምስም። ዘሀራ ደግሞ እምነቷ አይፈቅድላትም። «ሽታውንስ?» ብላት «ለኔ ሁሉም ያው ነው፣ አፍንጫዬን ይዤ ነው የማልፈው» አለችኝ። እኔ አፍንጫ አጥቻለሁ፣ እሷ ያላትን ትይዘዋለች።

አሁን ደግሞ ሌላ መጣ። ልጄ ጽጌ ትናንት መጥታ «አባዬ፣ ሰባ ዓመትህን እናክብር፣ ሻምፓኝ እወስድሃለሁ» አለችኝ። መጠጡ ስሙን ያገኘበት አገር ነው አሉ፣ ፈረንሳይ። ዓርብ ወደ ፓሪስ እንበራለን፣ ቅዳሜ ለሁለታችን ብቻ መኪና ከነሹፌሩ። የሚጠምቁበትን ያሳዩናል፣ ያቀምሱናል። «አንተ የዚህ ነገር ሰው ነህ» ትላለች። (ኖርዌይ «እርስዎ»ን በልታባታለች። ማረሙን ትቻለሁ።)

አፍንጫ ለሌለው ሰው የማሽተት ጉዞ። ደስ አለኝ አልኳት። ምን ልበላት?

ሐሙስ

የዛሬ ሽታ፦ ምንም። ዘሀራ ነጭ ሽንኩርት ፈጭታ አፍንጫዬ ሥር አስጠጋች። ዓይኔ አለቀሰ፣ አፍንጫዬ ግን አልሰማም።

ሥጋቶቼን ቁጠሪልኝ ብያታለሁ።

ባለቤቱ «ምን ሸተተህ?» ቢለኝ።

ጽጌ ፊቴን ብታይ። የዚህ ልጅ ዓይን አይጣል ነው። እናቷ የሞተች ቀን አንድ ቃል ሳልናገር ከበሩ ላይ አይታኝ ነው ያወቀችው።

በርሜሉ፣ ሦስት ቀን ብቻውን።

ዘሀራ መላ አለች። «ዝም ብለው ዓይንዎን ይጨፍኑ፣ ከዚያ ራስዎን ነቅነቅ ያድርጉ። ሽማግሌ ዓይኑን ከጨፈነ አዋቂ ይመስላል።»

«አንቺ ጠብታ ቀምሰሽ የማታውቂ፣ አስተማሪዬ ሆንሽ?»

«ባልቀምስም ቀማሾችን አይቻለሁ» አለች።

ባዶ እጄን አልሄድም። መጠጥ ጣይ የመጠጥ ጣይ ቤት ሲገባ የራሱን ይዞ ነው። ከበርሜሉ አንድ ጠርሙስ ቀዳሁ። ገና ነው፣ ግን መልኩ ወጥቷል። እየፈላ ስለሆነ እንዳይፈነዳ እስከ አንገቱ አልሞላሁትም። ጆሮዬን አስጠግቼ ሰማሁት። ይንሾካሾካል። ጆሮዬ እንኳ ደህና ነው።

ደብተሩም አብሮኝ ይሄዳል፤ ቅዳሜ የሚጽፍልኝ ባይኖርም። ጽጌ በሰባት ዓመቷ ነው እዚህ የመጣችው፣ የምታነበው የነሱን ነው። ለማንኛውም ብዬ የተጻፈበትን ገጽ ሁሉ ዘሀራ በቢጫ ላስቲክ አሰረችልኝ። ተዘጋ።

ዓርብ

ሽታ፦ ምንም። ሻንጣው በር ላይ ነው፣ ጽጌ ታች ታክሲ ውስጥ ትጠብቀኛለች፣ ዘሀራ ቆማ ነው የምትጽፈው።

በርሜሉን ሁለተኛ ብርድ ልብስ ደርቤለታለሁ። ዘሀራ ጠዋትና ማታ የወለሉን ሙቀት በእጇ ትዳስሳለች። «አፍንጫዬን ይዤ» ትላለች። ያዢ።

አሁን ደግሞ «አቶ ካሳዬ፣ ለልጅዎ ይንገሯት» አለችኝ። አልነግርም። አባትሽ ምንድን ነው ሲሏት በኩራት የምትናገረው ይህንን ነው። ይህ ከቀረ እኔ ወለል ጠራጊ ብቻ ነኝ። እሱንም ከተውኩት ቆይቻለሁ።

አቁሚ። ታክሲው ጮኸ።

ቅዳሜ

ብዕሩን የያዘችው ልጄ ጽጌ ናት። ፓሪስ፣ ሆቴል ውስጥ ነን። ደብተሩን ሳወጣ «አምጣ፣ እኔ ልጻፍልህ» አለች። «በምን ፊደል?» ብላት «በኛ ነዋ!» አለች። ለካ ቤተ ክርስቲያን ሕፃናቱ ሲማሩ አብራ ስትማር ኖራለች። ሲደርስልኝ ላሳይህ ብዬ ነው አለች። ቀስ ብላ ምላሷን አውጥታ ትጽፋለች፣ እንደ ልጅነቷ። ኮርቻለሁ ብለሽ ጻፊ። በአዲስ ገጽ ጀምሪ፣ የታሰረውን አትንኪ፣ የሐኪም ነገር ነው።

የዛሬ ሽታ፦ ሁሉም ደህና።

ሹፌሯ ሴት ናት፣ በርጋታ ትነዳለች። ከኋላ እንደ ሚኒስትር ተቀመጥኩ። ወይኑ ተለቅሞ ቅጠሉ ቢጫ ሆኗል። ኮረብታው ሁሉ ሹሩባ የተሠራ ራስ ይመስላል።

የሄድንበት ትንሽ ቤት ነው። ባለቤቱ የኔ እኩያ ሽማግሌ፣ እጁ የሠራተኛ እጅ። ደረጃ ወርደን፣ ወርደን፣ መሬት ሥር ገባን። ይበርዳል። ጠርሙሱ ሁሉ አንገቱን ወደ ታች ተዘቅዝቆ እንጨት ላይ ተሰክቷል። ሰውዬው እየዞረ እያንዳንዱን በእጁ ትንሽ ትንሽ ያዞረዋል፣ በየቀኑ። ጽጌ ልታስረዳኝ አፏን ስትከፍት «አተላውን እያወረደ ነው!» አልኩ። ተረጎመችለት። ሳቀና እጄን ጨበጠኝ። እኛ በጨርቅ የምናጠልለውን እሱ ጠርሙሱ አንገት ላይ አከማችቶ ያስወጣዋል። ትዕግሥት አለው።

ከዚያ በሦስት ቀጫጭን ብርጭቆ ሦስት ዓይነት ቀዳልን። አሸተተ፣ ተጉመጠመጠ፣ ባልዲ ውስጥ ተፋው! የራሱን መጠጥ እንግዳ ፊት የሚተፋ ባለቤት በዕድሜዬ አላየሁም። እኛ ዘንድ ቀጂው መጀመሪያ መዳፉ ላይ ጠብ አድርጎ ይጠጣል፣ እንግዳው እንዳይጠራጠር። «ምን ገብቶበት ነው?» አልኳት ጽጌን። «ምንም የለውም አባዬ፣ ሲቀምሱ ስለሚውሉ እንዳይሰክሩ ነው» አለች። እኔ አልተፋሁም።

ጽጌ ዛሬ ወሬ አብዝታለች። ጻፊው፣ ምን ያስቅሻል? ቢራ እንኳ የማትነካ ልጅ ከኔ ቀድማ እየቀመሰች በጆሮዬ «አባዬ፣ ይሄኛው ያልበሰለ ፖም ይሸታል፣ ያኛው ሎሚና አሁን የወጣ ዳቦ፣ ቅርፊቱን» ትለኛለች። በምትሠራበት መዋዕለ ሕፃናት፣ በነሱ አፍ ባርነሃገ፣ ለሕፃናት እንደምታስረዳው። ለኔ! ሰውዬው ሲጠይቀኝ «ፖም» አልኩ። «ዳቦ» አልኩ። እኔም ያንኑ ልል ነበር።

ሦስተኛውን ግን ማንም አልነገረኝም። ብርጭቆዎቹን ተራ በተራ ጆሮዬ ላይ አደረግኩ። ሁለቱ እንደ ቆርቆሮ ላይ ዝናብ ይንጫጫሉ። ሦስተኛው ቀስ ብሎ፣ እንደደከመው ሰው ነው የሚያወራው። «ይሄ አሮጌ ነው፣ ሌሎቹን በብዙ ዓመት ይበልጣቸዋል» አልኩ። ሰውዬው የያዘውን አስቀመጠ። እውነት ነው፣ አባቴ በሕይወት ሳለ ያስቀመጠው ነው አለ። ከዚያ እሱም ብርጭቆውን ጆሮው ላይ አደረገ። ሁለት ሽማግሌ መሬት ሥር ብርጭቆ እያዳመጥን ቆምን። ሹፌሯ ፎቶ አነሳችን።

ጠርሙሴን አወጣሁ። ስከፍተው ጮኸ፣ እንደነሱ። ወጉን እንዲያይ መዳፌ ላይ ጠብ አድርጌ መጀመሪያ እኔ ጠጣሁ፣ ከዚያ ቀዳሁለት። አሸተተ። ጠጣ። ባልዲውን አላየውም። ዋጠው! ከዚያ እጁን እያወናጨፈ ብዙ ተናገረ። «ምን አለ?» አልኳት። «በጣም ጥሩ ነው አለ።» ያን ሁሉ ለፍልፎ ይቺ ብቻ? «ይቺው ናት አባዬ።»

በቃኝ፣ ደክሞኛል። ደህና እደሪ።

*ከዚህ በታች ያለውን አባዬ አላስጻፉኝም። ጋደም እንዳሉ እንቅልፍ ወሰዳቸው። የምጽፈው እኔ ጽጌ ነኝ።*

*አባዬ፣ ትናንት አውሮፕላን ውስጥ ተኝተው ሳለ መድኃኒትዎን ከቦርሳ ስፈልግ ላስቲኩ ተበጠሰ። ማንበብ አልነበረብኝም። ግን የመጀመሪያው መስመር ላይ ስምዎን አየሁ፤ ቀስ እያልኩ ፊደል በፊደል ሁሉንም አነበብኩ። ዛሬ ወሬ ያበዛሁት ለዚህ ነው። ሰውዬው ያለውን ሁሉ አልነገርኩዎትም። ማሩ ድንቅ ነው፣ እንዲህ ያለ ቀምሼ አላውቅም አለ። ግን መራራው እየቀደመው ነው፣ ቅጠሉን ቶሎ ያውጡት አለ። እንግዳ ሰው ፊት ልነግርዎ አልቻልኩም። በመኪናው ውስጥ ሁለቴ ጀምሬ ተውኩት። ነገ ቤት እንደገባን አብረን እናወጣዋለን። እትዬ ዘሀራ ሲያነቡልዎ ይሰሙኛል። ወለል ጠራጊ ብቻ ነኝ ያሉትን ደግመው እንዳያስጽፉት። የኔ አፍንጫ ከእርስዎ የመጣ ነው፤ ይዘዙት።*

እሑድ

ብዕሩ ወደ ዘሀራ ተመልሷል። የዛሬ ሽታ፦ ምንም። ትናንት «ሁሉም ደህና» ብዬ ያስጻፍኩት ውሸት ነው፣ ሐኪሙ እንዳይሳሳት ይሰረዝ።

ከአየር ማረፊያ እንደገባን ጽጌ ሻንጣውን ኮሪደር ላይ ጥላ ቀጥታ መታጠቢያ ቤት ገባች። ሽንቷ መጥቶ መስሎኝ ጠበቅኩ። ስትቆይብኝ ገባሁ። ብርድ ልብሱን ገልጣ በጭልፋ ቀምሳለች! ከጣዩ በፊት! በርሜሌን!

«አንቺ!» አልኩ።

«አባዬ፣ ጌሾው ዛሬ ይውጣ።»

«ቀኑ ረቡዕ ነው።»

«ኔይ፣ አይሆንም አባዬ። ዛሬ።»

«ማን አስተማረሽ?»

በእጇ አዲስ ነጭ ጨርቅ ይዛለች። ዛሬ ጠዋት ፓሪስ ስትገዛው ለባርነሃገው ነው ብላኝ ነበር። ፊቷን አየሁት። እናቷ ወጥ ቀምሳ አንድ ነገር ሲከፋት እንዲህ ነበር የምትሆነው። ልቆጣ ጀምሬ ተውኩት። እጅጌዬን ሰብስቤ ጎንበስ አልኩ። እሷ ጨርቁን ወጥራ ያዘች፣ እኔ ቀዳሁ። ጌሾው ወጣ። ወገቤ ተቆረጠ። እንደገና ቀመሰች።

«አሁንስ?» አልኳት።

እንዴት እንዳመለጠኝ አላውቅም። እኔ ስለ ጠጅ ሰው ጠይቄ አላውቅም።

«ማር ይጨመርበት፣ ትንሽ። ከዚያ ለቅዳሜ ይደርሳል» አለች። እኔም ያንኑ ልል ነበር። ማሩን ጨመርን። ስትሄድ ግንባሬን ሳመችኝና «ሐሙስ መጥቼ እቀምስልሃለሁ» አለችኝ። እቀምሳለሁ አላለችም። እቀምስልሃለሁ።

ዘሀራ ብዕሯን ይዛ ስትመጣ «ነገርሻት!» አልኳት።

«ወላሂ አልነገርኩም።»

«ታዲያ ግድግዳው ነገራት?»

«አቶ ካሳዬ፣ እኔ መሐላ አፈርሳለሁ? ብዕሩን ልጣለው?»

አትጣዪው። ይቅርታ ብያለሁ፣ እሱንም ጻፊ።

ቆይ። ደብተሩን ሳቀብላት እጄ የነካው ሌላ ነገር ነው። ዘሀራ ያሰረችው ቢጫ ላስቲክ ነበር። ይሄ ጥቁር ነው፣ ወፍራም። ጽጌ ጸጉሯን የምታስርበት ነው።

ዘሀራ የቅዳሜውን ገጽ ገልጣለች። ከኔ ቃል በታች ሌላ ጽሑፍ አለ ትላለች። እኔ «ደህና እደሪ» ብዬ ነው የጨረስኩት፣ ከዚያ ወዲያ አንድ ቃል አልወጣኝም። ብዙ ነው ትላለች። አሁን ደግሞ ዓይኗን በነጠላዋ ጫፍ ትጠርጋለች። ለብቻዋ አንብባ ጨረሰችው መሰለኝ፣ የኔን ደብተር!

መጻፉን ተዪው አሁን። ከታች ካለው፣ ከልጄ ጽሑፍ ጀምሪ። ቀስ ብለሽ፣ አንድ ቃል ሳታስቀሪ አንብቢልኝ።