ጃፓኖቹና የአማቴ ጉልበት

ሰኞ፣ ጥቅምት 4

ከሌሊት ፈረቃ ገባሁ። ሆቴሉ እስኪነጋ በቱሪስት ሲተራመስ አደረ። መተኛት ብቻ ነበር የፈለግኩት… ሳሎን ስገባ ቴሌቪዥኑ ይጮኻል። ጃፓኖች። መላው ቤተሰብ፣ አያት ሳይቀር፣ ሳሙና በተቀባ ዳገት ላይ ይንሸራተታል። አባትየው ራሱ ላይ የላስቲክ ዶሮ ደፍቷል።

አማቴ እማማ ዘርፈሽዋል ሲያዩኝ በዚያ በታመመ ጉልበታቸው "ኖር!" ብለው ሊነሱ ይታገላሉ። "በእግዜር! ኧረ ይቀመጡ እማማ!" ውሃ ልጠጣ ወጥቼ ስመለስ፣ ደግሞ "ኖር!" በዚህች ጠባብ ቤት ውስጥ በቀን ስንቴ ይነሳል?

ይሄን የውድድር ፕሮግራም ያስለመደቻቸው ልጄ ሶሊ ናት። እሳቸው ጣልያንኛ አያውቁም፣ የሷ አማርኛ ከወገቡ የተቆረጠ ነው። ጃፓንኛ ሁለቱም አይሰሙም። ተስማሙ!

ረቡዕ፣ ጥቅምት 6

ባለቤቴ እየሩስ እናቷን ለኮንትሮሎ፣ ለሐኪም ክትትል፣ ወስዳቸው ነበር። ቀኝ ጉልበታቸው ከቀዶ ጥገናው ወዲህ አልታጠፍ ብሏል። በሦስት ሳምንት ካልታጠፈ እንደገና አደንዝዘን በግድ እናጥፈዋለን ብሏል ሐኪሙ። መድኃኒቱ ሌላ አይደለም፣ መሬት ላይ ተጋድሞ እግር ማንሳትና ማጠፍ። ሰፋ ያለ ወለል ያለው ደግሞ ሳሎን ብቻ ነው። እማማ እምቢ አሉ።

"ለምን?" አልኳት እየሩስን።

"ባንተ ምክንያት።"

"እኔ ደግሞ ምን አደረግኩ?"

"አማቼ ፊት እግሬን ሰቅዬ ልታይ? ትላለች። ቀን ቀን ይተኛል እኮ ስላት፣ ድንገት ወደ ሽንት ቤት ብቅ ቢሉስ? አለችኝ።"

በገዛ ቤቴ ሽንት ቤት መሄድም ወንጀል ሆነ!

ሐሙስ፣ ጥቅምት 7

ዛሬም ጃፓን። ሽልማቱ ምን ቢሆን ጥሩ ነው? አንድ ሐብሐብ! ለአንድ ሐብሐብ ሰው ይህን ያህል ይዋረዳል? ፒያሳ ቪቶሪዮ ገበያ ሄዶ አይገዛም?

እማማ አንድ ቃል ሳይሰሙ ሁሉንም ይተረጉማሉ። "ይቺ ትልቋ ልጅ ናት። ያ ቀውላላው ባሏ ነው። ከአማቱ ጋር አይጥማቸውም።"

"ኧረ ወንድሟ ነው" አልኩ በሩ ላይ ቆሜ።

ምን አገባኝ? እንቅልፌን ትቼ ቆሜ ተከራከርኩ። ባሏ ነበር።

እሑድ፣ ጥቅምት 10

ከቤተ ክርስቲያን መልስ ሁላችንም ቤት ነን። ጃፓኖቹ መሬት ላይ በሰልፍ ተጋድመው ትራስ በእግራቸው ይቀባበላሉ። ሶሊ ዘላ ተነሳች። "ኖና! ኤ ላ ቱዋ ጂናስቲካ!" አያቴ፣ ሐኪሙ ያዘዘሽ ስፖርት ይኸው ነው ማለቷ። ከዚያ ወደ እኔ ዞረች። "ፓፓ፣ መጀመሪያ አንተ ተኛ።"

እኔ? አማቴ ፊት? የዕድር ሰብሳቢ ነኝ እኮ! "አንቺ ልጅ ሥርዓት የሚባል አልፈጠረብሽም?" አልኳት። ጮህኩ መሰለኝ። እማማ መቁጠሪያቸውን ይዘው ወደ ክፍላቸው ገቡ። እየሩስ እራት አቅርባ አላናገረችኝም። ደግ!

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 12

ሚካኤል። የእማማ በር ገርበብ ብሎ ነበር። ሊሰግዱ የአልጋውን ጠርዝ ይዘው ዝቅ ሲሉ ጉልበታቸው እምቢ አለ። እዚያው ቀሩ… አይወርዱ፣ አይነሱ። ልግባና ላግዛቸው? ያፍራሉ። ልተዋቸው? ቢወድቁስ? ኮሪደሩ ላይ እንደ ግንድ ቆምኩ። እንደምንም ብለው በራሳቸው ተነሱና ፊታቸውን በነጠላ ጠረጉ።

አንጀቴን በሉት። ቀጥሎ ተናደድኩ። በማን? በሳቸው፣ በሐኪሙ፣ በራሴ… ይሄ ይሉኝታችን እኮ ሰው ያሰነክላል።

አርብ፣ ጥቅምት 15

አደረግኩት። ሶሊ ከትምህርት ቤት መጥታ ጃፓኖቹን ስትከፍት፣ ምንጣፉ ላይ ተጋደምኩ። "በስመ አብ!" አሉ እማማ። ፊታቸውን ሸፈኑ።

ትራሱን በእግሬ አነሳሁ። ወገቤ ቀጭ አለ። ትራሱ አፍንጫዬ ላይ፣ ተረከዜ ጠረጴዛው ላይ፣ የሶሊ ጭማቂ ደረቴ ላይ። ከነጠላው ሥር አንድ ድምፅ ወጣ። እያለቀሱ መስሎኝ ደነገጥኩ። ይስቃሉ! ከመጡ ዓመት ሊሞላቸው ነው፣ ጥርሳቸውን ያየሁት ገና ዛሬ ነው።

"እንደሱ አይደለም" አሉኝ እንባቸውን እየጠረጉ። "ያ ቀውላላው እንኳ ከእርስዎ ይሻላል!"

ሶሊ ደግፋ አወረደቻቸው። እግራቸውን ሲያነሱ አላየሁም፣ ጣሪያ ጣሪያውን ነበር የማየው። ትራሱ ግን ደረሰኝ።

ረቡዕ፣ ጥቅምት 20

ወገቤ አለቀ። ዛሬም "ግዛቸው፣ ተራዎ ነው!" ተብዬ ከእንቅልፌ ተቀሰቀስኩ። ሥርዓት ነው ይሄ?

ሐሙስ፣ ጥቅምት 28

ታጠፈ። ሐኪሙ ሁለቴ ሞከረው፣ ታጠፈ። ማደንዘዝ የለ፣ ምን የለ። "ማን ነው ያሠራዎት?" ሲላቸው እማማ አፋቸውን በነጠላ ሸፍነው ወደ እኔ ጠቆሙ። "እኚህ ሲወድቁ ቢያዩ እርስዎም ይድናሉ በይው" አሏት ሶሊን። ተረጎመችለት። ሰውዬው ከላይ እስከ ታች አየኝ።

ወደ ሰፈራችን ፒኜቶ ስንመለስ ሜትሮ ውስጥ፣ "እንግዲህ ለኅዳር ሚካኤል ደሴ እገባለሁ" አሉ። "አጥቢያዬ ሄጄ ልስገድ።"

ደስ ሊለኝ ይገባ ነበር። ከመጡ ጀምሮ የተመኘሁት ይኸው አይደል? ቤቴን፣ እንቅልፌን፣ ቴሌቪዥኔን… ታዲያ ምን ሆኜ ነው የከፋኝ? እስከ ቤት ድረስ አኮረፍኩ። በማን እንዳኮረፍኩ እኔም አላውቅም።

እየሩስን ማድ ቤት ጠብቄ ያዝኳት።

"ግራ ጉልበታቸውስ?" አልኳት። "አረማመዳቸውን አይቼዋለሁ፣ እሱም ልክ አይመስለኝም። ለምን አናሳየውም?"